ከመቶ ላይ ሰባት ሲቀነስ

«ከ100 ላይ 7 ሲቀነስ ስንት ነው?» አለኝ ሐኪሙ።

ጥያቄውን ዐወቅሁት። ማርሻል ፎልስቲን ከሁለት ባልደረቦቹ ጋር እ.ኤ.አ. በ1975 ባወጣው አጭር የአእምሮ መመዘኛ ውስጥ ያለ ነው። የሚለካው ትኩረትን እንደሆነ፣ ተመርማሪው ሰባት ሰባት እየቀነሰ አምስት ጊዜ መውረድ እንዳለበት፣ ፊደል ያልቆጠረ ሰው ቢሳሳት ወዲያው ለበሽታ መቁጠር እንደማይገባ ለተማሪዎቼ በየዓመቱ እናገራለሁ። መልሱ ግን አልመጣልኝም። ዐይኔን ጨፍኜ ፈለግሁት፤ የለም።

«ይሄ እኮ የፎልስቲን ነው» አልኩት።

«እሱስ ልክ ነዎት መምህር። ቁጥሩን ይንገሩኝ።»

ከዚያ በፊት ሦስት ቃላት እንድይዝለት ነግሮኝ ኖሯል። «የቅድሞቹን ቃላት ያስታውሷቸዋል?» ሲለኝ የትኞቹን ማለቱ እንደሆነ እንኳ አልገባኝም። በሽተኛ እንደሆንኩ ያመንኩት ያኔ ነው። ክንዴ ላይ ግሉኮስ ተሰክቶ፣ ከንፈሬ በትኩሳት ተሰነጣጥቆ፣ እስከዚያች ደቂቃ ድረስ ራሴን እንደ መርማሪ እንጂ እንደ ተመርማሪ አልቆጠርኩም ነበር።

ወሩ ኅዳር፣ ዓመቱ 2017፣ ቦታው አሶሳ ነው። ወባው ጭንቅላቴ ላይ ወጥቶ ራሴን ስቼ የነቃሁ ሰው ነኝ። የሆንኩትን ለመመስከር የምችለው ግማሹን ብቻ ነው፤ ሌላውን ግማሽ ያዩልኝ ሌሎች ናቸው፤ ከነሱ አፍ ሰብስቤዋለሁ።

ትውልዴ ጎጃም፣ ደጋ ነው። አሶሳ የመጣሁት ሳይኮሎጂ ላስተምር ሲሆን፣ ከመጣሁ በኋላ ከጥቂት ወጣቶች ጋር የቴአትር ቡድን አቋቋምን። ጠዋት ክፍል፣ ከሰዓት የተማሪ ወረቀት ማረም፣ ማታ ልምምድ። የመምህራን ክበብ ስገባ «አርቲስቱ መጣ» ይሉኛል። ልምምድ ቦታ ስደርስ ደግሞ «ዶክተር» ይሉኛል፤ ዶክትሬት የለኝም። ሁለቱም ማሾፋቸው ነው፤ ክፋት የለበትም፣ ግን ያማል። ለደረጃ ዕድገት የሚቆጠረው የታተመ ጥናት ነው፤ ስድስት ወር የለፋሁበት ቴአትር በዚያ ሚዛን ላይ ባዶ ነው። መድረክ ላይም ቢሆን ሳይኮሎጂ ማወቄ ጭብጨባ አይጨምርልኝም። እናቴ «ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ አይወጣም» እያለች አንዱን እንድይዝ ስትመክረኝ ኖራለች።

እኔ ግን ሁለቱን ለይቼ ዐውቄያቸው አላውቅም። ከ1994 እስከ 1997 ዓ.ም. በሬዲዮ ይተላለፍ የነበረውን «የቀን ቅኝት» ያዳመጠ ሰው ያስታውሳል። ከ250 በላይ ክፍል የነበረው ተከታታይ ድራማ ነው። እኛ ሰፈር ሬዲዮ ባለው ቤት ተሰብስበን የምንሰማው ታሪኩን ብለን ነበር። ዩኒቨርሲቲ ስገባ ነው ከድራማው በስተኋላ የአልበርት ባንዱራ የማኅበራዊ ትምህርት ንድፈ ሐሳብ እንደነበረ ያወቅሁት፤ ሰው የሌላውን አድራጎትና በአድራጎቱ ያገኘውን ጥቅም ወይም ጉዳት እያየ ይማራል የሚለው። እኔን ያስለቀሰችኝ ገጸ ባሕርይ በጥናት የተቀረጸች ኖራለች! ከዚያ ወዲህ ሳስተምር እተውናለሁ። ስለ ጭንቀት ሳወራ የተጨነቀ ሰው ሆኜ እቆማለሁ፤ ስለ መርሳት ሳወራ ንግግሬን መሃል ላይ እቆርጣለሁ። ተማሪዎቼ ይወዱታል። ይኸው ልማዴ ሊገድለኝ ነበር፤ እደርስበታለሁ።

ጥቅምት ላይ ለህዳሴ ግድብ ሠራተኞች ቴአትር ይዘን ሄድን። መጋቢት 24 ቀን 2003 የመሠረት ድንጋዩ የተጣለው ግድብ በዚያ ሰሞን አራት ተርባይኖቹ ኃይል መስጠት ጀምረው ነበር፤ የቀሩት ገና እየተሠሩ ነበር። ከአሶሳ ወደ ሰሜን ሸርቆሌን አልፎ ግድቡ ወዳለበት ወደ ጉባ ሲወረድ ሙቀቱ በየኪሎ ሜትሩ ይጨምራል። አሶሳ ከ1,500 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ናት፤ ጉባ ግን ቆላ ነው፤ ከሰዓት ላይ ብረት በእጅ አይነካም።

ይህን የምለው ከዚያ በፊት ሄጄ ስለማውቀው ነው። ያንን ጉዞ አላስታውሰውም። ጥቅምት ሙሉው የለኝም። ያለኝ የመብራት ባለሙያችን በስልኩ የቀረጸው ቪዲዮ ብቻ ነው።

ቪዲዮው ላይ ማታ ነው። ሠራተኞቹ የደንብ ልብሳቸውን እንደለበሱ፣ ግማሾቹ ቆብ እንዳደረጉ፣ መሬት ላይና መኪና ላይ ተቀምጠዋል። እኔ ለግድቡ ቦንድ ሊገዛ በሬውን የሸጠ ሽማግሌ ነኝ። ቁምጣ ለብሼ፣ ባዶ እግሬን፣ ወንዝ ዳር እንደተቀመጠ ሰው ሆኜ፣ ሳልነቃነቅ ውሃውን አያለሁ። ዝምታው ረጅም ነው፤ አዘጋጃችን ሆን ብሎ ነው ያስረዘመው። መብራቱ ዙሪያ ነፍሳት ይርመሰመሳሉ። አንድ ቦታ ላይ የግራ እግሬ አውራ ጣት ትንቀጠቀጣለች። ቀኝ እጄ ከጉልበቴ ላይ ትንሽ ከፍ ይልና ይመለሳል። ሽማግሌው ጸሎት ላይ ነው፤ ጸሎት ላይ ያለ ሽማግሌ ደግሞ ትንኝ አያባርርም።

ከዚያ ከተመልካቹ መሃል አንዱ፣ ሾፌር ሳይሆን አይቀርም፣ «አባባ፣ በሬዎን ማን ገዛው?» ብሎ ጮኸ። ሽማግሌው ፊቱን ሳያዞር «እናንተ ናችኋ! ስትበሉት አይደል የከረማችሁ?» አለው። ሕዝቡ በሳቅ ፈነዳ። ቪዲዮውን መጀመሪያ ሳየው እኔም ሳቅሁ፤ ቀልዱን አዲስ ሰምቼ ነው የሳቅሁት። የራሴን ቀልድ።

ከተመለስን ከሁለት ሳምንት ግድም በኋላ ብርድ ብርድ አለኝ ይላሉ። ራስ ምታት፣ ቁርጥማት፣ ማስመለስ። ወደ አንድ የግል ክሊኒክ ሄድኩ፤ ስሙን አልጠራም፤ እንዲህ ያለው በየከተማው ሞልቷል። ደም ተወሰደ፤ ታይፎይድ ተባልኩ፤ የክኒን ከረጢት ተሰጠኝ። የታዘዘልኝ ምርመራ ዊዳል የሚባለው ሆኖ ተገኘ። ድሮ የያዘህና የተሻለህ ኢንፌክሽን ውጤቱን ሊያዛባው ይችላል፤ ወባ ራሱም ሊያዛባው ይችላል። ከጉባ የመጣ፣ ትኩሳት ያለው ሰው በአጉሊ መነጽር ደሙ ሳይታይ ክኒን ይዞ ወደ ቤቱ ሄደ። በዚያው ዓመት እ.ኤ.አ. ከጥር 1 እስከ ጥቅምት 20 ቀን 2024 ድረስ ብቻ በኢትዮጵያ ከ7.3 ሚሊዮን በላይ የወባ ሕሙማን ተመዝግበዋል፤ 1,157 ሰዎች ሞተዋል። ምዕራቡ የአገራችን ክፍል ከፍተኛውን ጫና ከተሸከሙት አንዱ ነው። ጥርጣሬ የሚጎድልበት ጊዜ አልነበረም።

ክኒኑን እየዋጥኩ አስተማርኩ። ርዕሱ፣ ማስታወሻዬ እንደሚለው፣ የማስታወስ ችሎታ መታወክ ነበር። ንግግሬ መሃል ላይ ተቆረጠ። ጠመኔው ከእጄ ወደቀ። ተማሪዎቼ ፈገግ አሉ። አንድ ዐረፍተ ነገር ጀምሬ እሱኑ ሦስት ጊዜ ደገምኩት። ሳቁ። ከዚያ ጠረጴዛውን ተደግፌ ቀስ ብዬ ወለሉ ላይ ተቀመጥኩ፤ ወደ ጎኔም ወደቅሁ።

አጨበጨቡ።

አልፈርድባቸውም፤ ያስለመድኳቸው እኔ ነኝ። ያዳነችኝ ከፊት ረድፍ የምትቀመጥ አንዲት የበርታ ልጅ ናት። ቤቷ ውስጥ ወባ ጭንቅላት ላይ ሲወጣ አይታ ታውቃለች። ተነሥታ አንገቴን ዳሰሰችና «ኡስታዝ እየነደደ ነው! ምን ታጨበጭባላችሁ?» ብላ ጮኸችባቸው። ወንዶቹን አዝዛ በባጃጅ ያስጫነችኝ እሷ ናት። አውሬ ላይ እንደሚጮህ ሰው ነበር የጮኸችው ይሉኛል። እሷ ግን ስጠይቃት «ዝም ብዬ ነው» ትላለች።

ሆስፒታል ስደርስ ደሜ ውስጥ ያለው ስኳር ወርዶ ነበር፤ ከባድ ወባ ያደርገዋል። 40 በመቶ ግሉኮስ በደም ሥር ተሰጠኝ። ደሜ ታየ፤ ፋልሲፓረም። አርቴሱኔት ጀመሩልኝ። ዱቄቱ በሚሰጥበት ሰዓት ተበጥብጦ ነው የሚወጋው፤ እንደገባህ አንድ፣ ከ12 ሰዓት በኋላ አንድ፣ በ24ኛው ሰዓት አንድ፣ ከዚያ ክኒን መዋጥ እስክትችል በቀን አንድ። እ.ኤ.አ. በ2005 እስያ ውስጥ የተካሄደ ሰፊ ጥናት ይህ መድኃኒት ከኪኒን ጋር ሲነጻጸር የሞትን መጠን 35 በመቶ እንደቀነሰ አሳይቷል። እኔ በዚያ 35 በመቶ ውስጥ ልሁን አልሁን ማን ይነግረኛል? ነርሶቹ ሌሊት በሰዓቱ እየተነሡ መውጋታቸውን ግን ከጎኔ የነበሩ ሁሉ ይመሰክራሉ።

ከጎኔ የነበረችው ከመንጌ የመጣች እናት ናት። ልጇ ስድስት ዓመት ቢሆነው ነው፤ የሱም ወባ እንደኔው ጭንቅላቱ ላይ ወጥቶ ነው። ሁለታችን ራሳችንን ስተን ጎን ለጎን ተኝተናል። ሁለተኛው ሌሊት ላይ እኔ መናገር ጀመርኩ አሉ፤ የሽማግሌውን ቃል ነው የምናገረው፤ በሱ ድምፅ፣ በሱ ሳል። «ወንዙ አፈሬን ስንት ዘመን ሲወስድ ዝም አልኩት። ዛሬ በሬዬን ብሰጠው ምን ይለኛል?» እላለሁ። ሴትየዋ ሰውየው ከብቱ የጠፋበት ገበሬ ነው ብላ አዘነችልኝ። በተሰባበረ አማርኛ «በሬው ይመጣል፤ አንተ ተኛ» አለችኝ። እኔም፣ ቴአትሩ ላይ ሚስቴ እንደምትመልስልኝ ቆጥሬው ነው መሰለኝ፣ የሚቀጥለውን ቃል አልኩ። እሷም መለሰች። እንዲህ ስንባባል ነጋ። ነርሷ ይህን ስትነግረኝ ሳቋን መቆጣጠር አቅቷት ነበር። በሕይወቴ ካገኘሁት የመድረክ አጋር ሁሉ የምትበልጠው እሷ ሳትሆን አትቀርም፤ አንድም ቃል ግን አላስታውስም።

ነቃሁ። ከ100 ላይ 7 የመቀነሱ ጥያቄ መጣ። ከቀናት በኋላ ቤቴ ገባሁ። ሁሉም «እንኳን እግዚአብሔር አተረፈህ» አለኝ፤ ዶሮ ታረደ። ሰው ከሞት ከተመለሰ ነገሩ ያለቀ ይመስላል። የኔ መከራ የጀመረው ግን ከዶሮው በኋላ ነው።

ኤንደል ተልቪንግ እ.ኤ.አ. በ1972 የማስታወስ ችሎታን ከፍሎ አሳይቷል፤ አንዱ የዕውቀት ነው፣ ሌላው በራስ ላይ የደረሰ ነገር ትዝታ። ተልቪንግን አስታውሳለሁ። ዓመቱንም አስታውሳለሁ። ቁርስ መብላቴን ግን አላስታውስም ነበር። የፈተና ጥያቄ አውጥቼ አስቀምጥና ማታ ሌላ አወጣለሁ፤ ጠዋት ሳያቸው ሁለቱ አንድ ናቸው። የቴአትሩን ጽሑፍ ይዤ ስቀመጥ ደግሞ የባሰ ነው። ለሁለት ዓመት ያልኩት ቃል ሌላ ሰው የጻፈው፣ ለሌላ ሰው የተጻፈ ይመስለኛል። ገጹን አነብባለሁ፣ አዞራለሁ፣ ይጠፋል። ተዋናይ ቃሉን ከረሳ ምን ይቀረዋል? አስተማሪስ?

አዘጋጃችን ወዳጄ ነው፤ ሳይኮሎጂ አልተማረም። አንድ ቅዳሜ መጥቶ ጽሑፉን ከእጄ ቀማኝና ሶፋውን ወደ ግድግዳ ገፋው። «ተቀምጠህ ነው እንዴ የሠራኸው? ተነሥ!» አለኝ። ጫማዬን አስወለቀኝ። በርጩማው ላይ፣ ሽማግሌው በሚቀመጥበት አኳኋን፣ ቀኝ እግሬን አጥፌ ግራዬን ዘርግቼ ተቀመጥኩ። ግራ እግሬ ሲሚንቶውን ሲነካ አፌ ተከፈተ። «ወንዙ አፈሬን...» አልኩ። አላሰብኩትም። ቀጥሎ ተነሥቼ ሦስት እርምጃ ሄድኩ፤ በሦስተኛው እርምጃ ላይ ያለው ቃልም መጣ።

ወዳጄ እንደ ተአምር ቆጠረው። እኔ ግን ቶኒ ኖይስ ትዝ አለኝ። ኖይስ አሜሪካዊ ተዋናይና አዘጋጅ ነው፤ ባለቤቱ ሄልጋ ኖይስ የሳይኮሎጂ ተመራማሪ ናት። ባልና ሚስቱ ኢሊኖይ ውስጥ በኤልምኸርስት ኮሌጅ ሆነው ተዋናዮች ያን ሁሉ ቃል እንዴት እንደሚይዙ ለብዙ ዓመታት አጥንተዋል። ያገኙት ነገር ሰው ከሚገምተው ይለያል። ተዋናይ ቃሉን እንደ ቆሎ ተማሪ ደጋግሞ በመሸምደድ አይደለም የሚይዘው፤ ገጸ ባሕርይው በዚያ ቃል ከሌላው ሰው ምን እንደሚፈልግ እየጠየቀ ነው። እየተንቀሳቀሰ ያለው ቃል ደግሞ ቆሞ ወይም ተቀምጦ ካለው በተሻለ ይቆያል፤ ከወራት በኋላም። ይህን ጥናት አስተምሬዋለሁ፤ ለፈተናም አውጥቼዋለሁ። በሥጋዬ ላይ የሞከርኩት ግን ያን ቅዳሜ ነው።

እንደ ጥናቱም ሆነ። እየሄድኩ፣ እየተቀመጥኩ፣ ዱላ እያነሣሁ የምለው ሁሉ በየተራ ተመለሰ። ሽማግሌው ቆሞ በስልክ ከልጁ ጋር የሚነጋገርበት ትዕይንት ግን አልተመለሰም፤ ያንን ከዜሮ ተማርኩት። ከዚያ ዘዴውን ወደ ክፍል ወሰድኩት። ትምህርቴን ከቦታ ጋር አሰርኩት፤ ትርጉሙን በር አጠገብ፣ ምሳሌውን መስኮት አጠገብ፣ ጥያቄውን ሰሌዳው ጥግ። ተማሪዎቼ ለምን እንደምመላለስ አላወቁም። ቴአትሩ ባይኖር ኖሮ ማስተማሩን አላቆየውም ነበር፤ ሳይኮሎጂው ባይኖር ደግሞ በእግሬ የመጣውን ቃል ድንገት ነው ብዬ እተወው ነበር። እናቴ አሁንም አንዱን ያዝ ትላለች።

ጳጉሜ 4 ቀን 2017 ግድቡ ሲመረቅ በቴሌቪዥን አየሁት። 5,150 ሜጋ ዋት፣ ኋላው የተኛው ንጋት ሐይቅ፣ ሁሉም ያማረ ነው። በሬ ባልሸጥም ቦንድ ገዝቻለሁ፤ ደስታዬ የማንም ያህል ነበር። ስለ ውሃው ግን አንድ ነገር ልበል። ሰሎሞን ክብረት የተባለው ኢትዮጵያዊ ተመራማሪና ባልደረቦቹ እ.ኤ.አ. በ2015 ባወጡት ጥናት፣ ከሰሃራ በታች ባሉ ትላልቅ ግድቦች ዙሪያ በዓመት ቢያንስ 1.1 ሚሊዮን ሰዎች ከግድቦቹ ጋር በተያያዘ በወባ ይያዛሉ ብለዋል። እኛው አገር ቆቃ ላይ ባደረጉት ጥናት ደግሞ የውሃው ከፍታ ቶሎ ሲወርድ በዳርቻው የሚራቡት ትንኞች እንደሚቀንሱ አሳይተዋል። ግድብ የሚያውቅ አገር ይህንንም ማወቅ አያቅተውም። ጉባ ላይ በምሽት ለሠራተኛ ቴአትር የምታሳዩ ወዳጆቼ ሽማግሌውን ረጅም ሱሪ አልብሱት፤ ቴአትሩ አይበላሽም።

ከመንጌ የመጣችውን እናት ከወራት በኋላ አሶሳ ገበያ አገኘኋት። ልጇ ድኗል። አጠገቧ ቆሞ ማንጎ ይበላል። እኔን ስታይ «በሬው መጣ?» አለችኝ፤ ሳቅን። ትምህርት ቤት ገብቷል ወይ ብዬ ጠየቅኋት። ገብቷል አለች፤ ግን አስተማሪው ሰነፍ ነው ይለዋል፤ ፊደሉን ያሳዩታል፣ ይረሳዋል፤ ሂድ አምጣ የተባለውን ረስቶ መንገድ ላይ ይቆማል። ይህን ስትናገር ድምፅዋ ውስጥ እፍረት ነበረበት።

ዩጋንዳ ውስጥ ከአንጎል ወባ የተረፉ ከ5 እስከ 12 ዓመት ያሉ ልጆችን የተከታተለ፣ እ.ኤ.አ. በ2008 የታተመ ጥናት አለ። ከሁለት ዓመት በኋላም ከአራቱ አንዱ ያህል በማስታወስ፣ በትኩረት ወይም በትምህርት ችሎታ ጉድለት ታይቶበታል። እኔ ቢያንስ የጠፋብኝን ነገር ስም ዐውቃለሁ፤ ደመወዝ አለኝ፣ ሶፋ የሚገፋልኝ ወዳጅ አለኝ። የስድስት ዓመት ልጅ ግን የነበረውን ስለማያውቅ ጠፋብኝ ብሎ አይናገርም። እንዲህ ያሉ ልጆች የዳኑ ተብለው ከመዝገብ ይወጣሉ፤ ከዚያ ክፍል ውስጥ ሰነፍ ተብለው ይመዘገባሉ።

ስለዚህ በአሶሳ፣ በመተከልና በካማሺ አንደኛ ክፍል የምታስተምሩ ባልደረቦቼ፣ ፊደል አልያዝ ያለውን ልጅ ወላጅ አንድ ጥያቄ ጠይቁልኝ፦ ልጁ ትኩሳት ይዞት ራሱን ስቶ ያውቃል ወይ? ያውቃል ካሉ አትምቱት፤ ወደ ጤና ጣቢያም መልሱት። ፊደሉንም ተቀምጦ ብቻ አታስጠኑት። ተነሥቶ መሬት ላይ በእግሩ ይጻፈው።